ማን ነው ቀድሞ የገባው?

የመንግሥት ሠራተኛ ባለበት ቤት ያደገ ሰው ይህችን ንግግር ያውቃታል፦ «እኔ እኮ ቀድሜው ነው የገባሁት!» እድገት ለሌላ ሲሰጥ፣ ዝውውር ሲከለከል፣ አለቃ የወደደውን ሲሾም የምትወጣ ንግግር ናት። እኛ ወጣቶች የትልልቅ ሰዎች ማጉረምረም እያልን እናልፋታለን። (ገና ቀድመን የገባንበት ነገር ስለሌለን ይሆናል።) ዛሬ ግን ይህችኑ ንግግር ይዘን አሜሪካ እንሻገር። እዚያ የመንግሥት ትምህርት ቤት መምህራን «ማን ቀድሞ ገባ» በሚለው ጉዳይ ተካስሰው እስከ አገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሰዋል። ጥያቄዋ የምትመስለውን ያህል ቀላል አለመሆኗም እዚያው መዝገብ ላይ ቁልጭ ብሎ ይታያል። (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር ናቸው።)

መጀመሪያ ነገሩ ከየት እንደመጣ እንይ። በሃያኛው ክፍለ ዘመን መባቻ አሜሪካ ውስጥ መምህር መሆን ማለት በየዓመቱ የሚታደስ ውል ይዞ የትምህርት ቦርድ አባላትን ፊት እያዩ መኖር ነበር። የቦርዱ ሰው የእህቱን ልጅ ማስገባት ከፈለገ አንዱ ይወጣል። በብዙ ከተሞች ያገባች መምህርት ሥራዋን ትለቃለች፤ ደንቡ ነው። ደመወዝም ቢሆን ወንዶች በሚበዙበት ሁለተኛ ደረጃ ከፍ፣ ሴቶች በሞሉበት አንደኛ ደረጃ ዝቅ ያለ ነበር። መምህራኑ ሁለት መላ አገኙ። አንደኛው የሥራ ዋስትና ሕግ ነው፤ ኒው ጀርሲ በ1909 ከግዛቶቹ ሁሉ ቀድማ አወጣችው። ሁለተኛው በትምህርት ደረጃና በአገልግሎት ዘመን ብቻ የሚሠራ ወጥ የደመወዝ እርከን ነው፤ ዴንቨርና ዴ ሞይን በ1921 ጀመሩት። እንግዲህ የአገልግሎት ዘመን ይህን ያህል ክብር ያገኘው አለቃን ላለመለማመጥ ሲባል ነው። አለቃ ያዳላል፤ ቀን አያዳላም… ተብሎ።

ቀን ግን ያዳላል!

በሚቺጋን ግዛት ጃክሰን የምትባል ከተማ አለች። የከተማዋ ትምህርት ቤቶች የመጀመሪያውን ጥቁር መምህር የቀጠሩት በ1950ዎቹ ውስጥ ነው። በ1969 እንኳ ከመምህራኑ መካከል ነጭ ያልሆኑት 3.9 በመቶ ብቻ ነበሩ። አቤቱታና ግፊት ሲበዛ በ1971 ቁጥሩ 8.8 በመቶ ደረሰ። አሁን አስቡት፤ ከእነዚህ ሰዎች ብዙዎቹ የገቡት ትናንት ነው። በጀት ጎድሎ የሠራተኛ ቅነሳ ቢመጣ፣ «መጨረሻ የገባ መጀመሪያ ይውጣ» የሚለው ደንብ ጠርጎ የሚያወጣው ማንን ነው? «ለምን ቀድማችሁ አልገባችሁም?» ቢባሉ መልሳቸው አጭር ነው፦ በሩ ተዘግቶ ነበራ!

በ1972 ትምህርት ቤት ውስጥ በዘር የተነሳ ግጭት ከታየ በኋላ ቦርዱና የመምህራኑ ማኅበር ተደራደሩ። መምህራኑ በመጠይቅ ሲጠየቁ፣ መልስ ከሰጡት 96 በመቶው ቅነሳ ሲመጣ የአገልግሎት ዘመን ብቻ ይታይ ብለው ነበር። የተፈረመው ኅብረት ስምምነት ግን መሀል መንገድ ያዘ፦ ቅነሳ በአገልግሎት ዘመን ይሁን፤ ነገር ግን ከሚቀነሱት ውስጥ የአናሳዎቹ ድርሻ በሥራ ላይ ካላቸው ድርሻ አይብለጥ። በ1974 ቅነሳው ሲመጣ ቦርዱ የፈረመውን አልፈጸመም፤ በዚህም ፍርድ ቤት ቆመ። በኋላ ሲፈጽመው ደግሞ ብዙ ያገለገሉ ነጭ መምህራን ወጥተው ከእነሱ በኋላ የገቡ ጥቁር መምህራን ቀሩ። አሁን ደግሞ የወጡት ከሰሱ።

በ1986 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ 5 ለ 4 በሆነ ድምፅ ለከሳሾቹ ፈረደ። ዳኛ ፖውል ያነሱት ክርክር በቀላሉ የሚጣል አይደለም። በቅጥር ጊዜ ለአናሳዎች ቅድሚያ ቢሰጥ ሸክሙ በብዙ ሰው ላይ ይበታተናል፤ ቅነሳ ግን የታወቀ ሰው ይዞት የነበረውን እንጀራ ነው የሚነጥቀው አሉ። የፍርድ ቤቱ የመጀመሪያ ጥቁር ዳኛ ቱርጉድ ማርሻል በልዩነት ሐሳባቸው ሌላ ነገር አሳሰቡ፦ ይህን ውል መምህራኑ ራሳቸው በማኅበራቸው በኩል ደጋግመው አጽድቀውታል፤ ሸክሙን ተስማምተው የተካፈሉ ሰዎችን ውል ፍርድ ቤት ምን ቤት ነው ብሎ ያፈርሰዋል? እኛ ሁለቱንም ስናነብ ልባችን ወደ ማርሻል ያዘነብላል። ነገር ግን ለዓመታት አስተምሮ የስንብት ደብዳቤ የደረሰው ሰው ቤት ሄዶ ይህን ክርክር ለማስረዳት የደፈረ ከመካከላችን አልተገኘም።

እስካሁን ያወራነው ቀኑ ስለተለያየባቸው ሰዎች ነው። ቀኑ እኩል ሲሆንስ?

ይህ ደግሞ ኒው ጀርሲ፣ ፒስካታዌይ ውስጥ ሆነ። (አዎ፣ ያቺው የ1909ኟ ኒው ጀርሲ።) በ1989 የከተማዋ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ከንግድ ሥራ ትምህርት ክፍሉ አንድ ሰው መቀነስ ነበረበት። በአገልግሎት ከሁሉም የሚያንሱት ሁለት መምህራት ናቸው፤ ነጯ ሻሮን ታክስማንና ጥቁሯ ደብራ ዊሊያምስ። ሁለቱም የተቀጠሩት በ1980፣ በአንድ ቀን! በአገልግሎት ዘመን ቀንስ የሚለው የግዛቱ ሕግ እዚህ ላይ ሲደርስ ዝም ይላል። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ እኩልነት ሲያጋጥም ቦርዱ ቁጥር ዕቃ ውስጥ ከትቶ ዕጣ ያወጣ ነበር። ዕቁብ እንደማውጣት በሉት።

በዚህኛው ጊዜ ግን ዕጣ አልወጣም። ዊሊያምስ በክፍሉ ብቸኛዋ ጥቁር መምህርት ስለነበሩ፣ ቦርዱ ለአናሳዎች ድጋፍ የሚሰጠውን ፖሊሲውን ጠቅሶ እሳቸውን አስቀረ፤ ታክስማን ተሰናበቱ። እዚህ ላይ የጃክሰን ክርክር አይሠራም። በፒስካታዌይ ትምህርት ቤቶች በጠቅላላ ሲታይ የጥቁር መምህራን ቁጥር አላነሰም ነበር። ቦርዱም የተዘጋ በር ነበረ አላለም፤ ተማሪዎች በክፍሉ የተለያየ መልክ ያላቸው መምህራን ይዩ ነው ያለው።

እኛን ያስገረመን ግን ሌላ ነገር ነው። ቦርዱ የተነሳው ሁለቱ በችሎታም እኩል ናቸው ብሎ ነው። ዊሊያምስ ማስተርስ ዲግሪ ነበራቸው፤ ታክስማን አልነበራቸውም። ያ ዲግሪ ቢቆጠር ኖሮ እኩልነት አይኖርም፣ ክስም ምናልባት አይኖርም። አልተቆጠረም። ስለዚህ ዊሊያምስ ለዓመታት በየጋዜጣው «ጥቁር ስለሆነች ሥራዋ የተረፈላት» ተብለው ኖሩ። ሥራ አግኝቶ ስም ማጣት ይሏል ይሄ ነው!

የቀረው የፖለቲካ ሥራ ነው። በ1992 የትልቁ ቡሽ መንግሥት ፍትሕ መሥሪያ ቤት ለታክስማን ወግኖ ቦርዱን ከሰሰ። በ1994 የክሊንተኑ ፍትሕ መሥሪያ ቤት ዞሮ ቦርዱን ደገፈ። ያው መሥሪያ ቤት፣ ያው መዝገብ! በ1996 ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት 8 ለ 4 ለታክስማን ፈረደ። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን ለማየት ተቀብሎ ለጥር 1998 ክርክር ሲጠበቅ፣ ኅዳር 1997 ላይ ጉዳዩ በ433,500 ዶላር በዕርቅ ተዘጋ። ከገንዘቡ 70 በመቶ ያህሉን ያዋጡት የጥቁሮች የሲቪል መብት ድርጅቶች ናቸው። ሽንፈቱ በመላ አገሪቱ ሕግ ሆኖ እንዳይቀር ፈርተው፣ ጥያቄው እንዳይመለስ ከፈሉ። በዚያን ጊዜ ታክስማን ቦታ ተገኝቶላቸው ተመልሰዋል፤ ሁለቱ መምህራት አንድ ትምህርት ቤት ውስጥ ያስተምሩ ነበር።

ዕጣው ቢወጣ ኖሮስ? በዚህ ላይ እርስ በርሳችን ተከራክረን አልተስማማንም። ግማሾቻችን ዕጣ ዘመድ የለውም፣ ቢያንስ ማንም ማንንም አይቀየምም እንላለን። ግማሾቻችን ደግሞ ዘጠኝ ዓመት ያስተማረን ሰው በወረቀት ቁራጭ ማሰናበት ንቀት ነው ባይ ነን።

በ2022 የሚኒያፖሊስ መምህራን ለ14 የትምህርት ቀናት ሥራ አቁመው አዲስ ስምምነት ተፈራረሙ። በውስጡ አንድ አንቀጽ ነበር፦ ቅነሳ ወይም ዝውውር ሲመጣ ተራው ከአናሳ ወገን የሆነ መምህር ላይ ቢደርስ፣ እሱ ታልፎ በአገልግሎት ቀጥሎት ያለው ይነሳ። ጃክሰን የእሷን አንቀጽ ከፈረመች ልክ ሃምሳ ዓመቷ ነው። አንቀጹ ጋዜጣ ላይ በወጣ በወሩ ተከሰሰ።