ሠላሳ ዘጠኝ ካሬ

የደሴ ሰው ስለ ቦታ ሲያወራ «ስንት ካሬ ነው?» ይላል። እኔም ሰባተኛ ክፍል የምትማረዋን እህቴን በዚሁ ቋንቋ ጠየቅኳት፦ የአንድ ሱቅ ርዝመት ከወርዱ በ10 ሜትር ይበልጣል፤ ስፋቱ 39 ካሬ ነው። ወርዱ ስንት ነው?

ትንሽ ሞካከረችና «3! ሦስት በ13» አለች።

እኔ ይህን ዓይነት ጥያቄ ያገኘሁት ዘጠነኛ ክፍል ነው። ያውም በእንግሊዝኛ፣ «ኳድራቲክ ኢኩዌሽን» ተብሎ፣ ከነረጅም ፎርሙላው። ሸምድጄ አለፍኩ፤ ምን እንደሠራሁ ግን አልገባኝም። አጠገቤ የሚቀመጠው ልጅ «ሒሳብ ለኔ አልተፈጠረም» ብሎ ያኔውኑ ተወው።

ቁጥሮቹን እኔ አልፈጠርኳቸውም። በፈረንጆች 820 ገደማ ባግዳድ ውስጥ አል-ኸዋሪዝሚ የሚባል ሊቅ በመጽሐፉ «አንድ ካሬና አሥር ሥሮቹ 39 ይሆናሉ» የሚል ጥያቄ አስቀምጦ ነበር። «አልጀብራ» የሚለው ስም የመጣው ከዚያ መጽሐፍ ርዕስ ነው። «ሒሳብ» የሚለው ቃልም እዚያው ርዕስ ላይ አለ፤ ምግብ ቤት በልተን የምንጠራው ራሱ ቃል። የመጽሐፉ ትልቅ ክፍል ስለ ውርስ ክፍፍል ነው፤ የወሎ ደረሳ «ፈራኢድ» ብሎ የሚማረው ጉዳይ።

ሰውየው ኤክስ አልነበረውም። ኤክስን ያስለመደን ፈረንሳዊው ዴካርት ነው፣ በ1637። አል-ኸዋሪዝሚ በቃል ያስረዳና ሥዕል ይስላል። እኛም ከደብተር ወረቀት ቆርጠን ሞከርነው።

ሱቁን ለሁለት ከፈልነው፦ ወርድ በወርድ የሆነ ካሬና 10 ሜትር ትርፍ። ትርፉን እኩል ለሁለት ቆርጠን፣ ባለ 5 ሜትሮቹን ቁራጮች በካሬው ሁለት ጎን ለጠፍን። ጥጉ ላይ 5 በ5 የሆነ ባዶ ቀረ፤ 25 ካሬ። ስንሞላው 39 ሲደመር 25፣ 64 ሆነ። ስለዚህ የትልቁ ካሬ ጎን 8 ነው። የለጠፍነው 5 ሲቀነስ፣ 3!

«40 ካሬ ቢሆንስ?» አለች እህቴ። እዚህ ጋ ግምት አያዋጣም። ወረቀቱ ግን ይሠራል፦ 65 ይሆናል፣ ጎኑ ከ8 ትንሽ ያልፋል፣ ወርዱም ከ3 ትንሽ ያልፋል።

ፎርሙላው ለ39ኙ ሌላም መልስ ይሰጣል፤ ኔጌቲቭ 13። ሳቀች። ከዜሮ ያነሰ ሱቅ የት አለ? አል-ኸዋሪዝሚም አልቆጠረውም። ወረቀት የሚያልቀው፣ ፊደሉም የግድ የሚያስፈልገው እዚህ ነው።

ያ ልጅ ግን እዚህ ድንበር ድረስ መች ደረሰ? ማንም መቀስና ወረቀት አልሰጠውም። ዛሬ ኮምቦልቻ ሴራሚክ ይሸጣል። ቀኑን ሙሉ ካሬ ሲያሰላ ይውላል።