ብሥራተ ወንጌል ራዲዮ ጣቢያ

ብሥራተ ወንጌል ራዲዮ ጣቢያ ከ1955 እስከ 1969 ዓ.ም. ከአዲስ አበባ ያሰራጭ የነበረ ዓለም አቀፍ የአጭር ሞገድ ጣቢያ ነው። ባለቤቱ የሉተራን ዓለም ፌዴሬሽን ሲሆን፣ የመጀመሪያው ዋና ዳይሬክተር ኖርዌያዊው ሚስዮናዊ ዶክተር ሲጉርድ አስኬ ነበሩ። ስርጭቱ የተጀመረው የካቲት 19 ቀን 1955 ዓ.ም. ነው።

አሠራር

ጣቢያው እያንዳንዳቸው 100 ኪሎዋት ኃይል ያላቸው ሁለት ማሰራጫዎች ነበሩት። አጭር ሞገድ ከላይኛው ከባቢ አየር ተንጸባርቆ ወደ ምድር ስለሚመለስ ድምፁ ከአፍሪካ አልፎ እስከ እስያ ይደርስ ነበር። ከአማርኛ ሌላ በስዋሂሊ፣ በዐረብኛ፣ በፋርስኛና በሌሎች ቋንቋዎችም ያስተላልፍ ነበር። ከዝግጅቶቹ 30 በመቶ ያህሉ ሃይማኖታዊ፣ የቀሩት ዜና፣ ትምህርትና መረጃ ነበሩ።

ሥልጠና

ብዙዎቹ ዝግጅቶች የሚቀዱት በየአገሩ በተቋቋሙ ስቱዲዮዎች ነበር፤ የተቀዳው ቴፕ ለስርጭት ወደ አዲስ አበባ ይላካል። ይህ አሠራር በየቋንቋው ጽሑፍ የሚያዘጋጁ፣ የሚያነቡና ድምፅ የሚቀዱ ሰዎችን ስለሚፈልግ ጣቢያው የአገሬውን ተወላጆች በራዲዮ ሙያ ያሠለጥን ነበር።

መወረስ

መጋቢት 3 ቀን 1969 ዓ.ም. የደርግ መንግሥት ጣቢያውን ወረሰ፤ ስሙም የአብዮታዊት ኢትዮጵያ ድምፅ ተባለ። በሌሎች አገሮች የነበሩት ስቱዲዮዎች ማሰራጫቸውን በአንድ ቀን አጡ፤ ሙያው ግን አልጠፋም። ለምሳሌ በካሜሩን ንጋውንዴሬ ከተማ የሚገኘው የፉልፉልዴ ቋንቋ ስቱዲዮ ሳውቱ ሊንጂላ ከዚያ በኋላም ሥራውን ቀጥሏል።