ከጭሰኞች ማሳ የተነሣ ካሜራ

የኃይሌ ገሪማ «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በተወሳ ቁጥር የሚጠራው ስም የደራሲውና አዘጋጁ ነው። ምስሉን የቀረጸው አሜሪካዊው የካሜራ ባለሙያ ኤሊዮት ዴቪስ ግን እምብዛም አይታወስም።

ፊልሙ የተቀረጸው እ.ኤ.አ. በ1974 ዘውዱ ከወደቀ በኋላ፣ ወታደራዊው መንግሥት ገና ሥር ሳይሰድ ነበር። ለቀረጻው የተገኘው ጊዜ 2 ሳምንት ያህል ብቻ ሲሆን፣ ሥራው የተከናወነው በ16 ሚሊ ሜትር ጥቁርና ነጭ ፊልም ነው። በ1976 ለዕይታ የበቃው ይህ ሥራ 2 ሰዓት ተኩል ያህል ይዘልቃል። ካሜራው ገበሬውን፣ በሬዎቹንና መሬቱን ሳይቸኩል ይከተላል፤ ተመልካቹም የጭሰኛውን ውሎ ርዝመትና ድካም በዓይኑ ይለካዋል።

ዴቪስ ከዓመታት በኋላ ከአዘጋጁ ስቲቨን ሶደርበርግ ጋር «ኪንግ ኦቭ ዘ ሂል»ን (1993) እና «አውት ኦቭ ሳይት»ን (1998) ሠራ። በታላላቅ ስቱዲዮዎች ዘንድ ከታወቀ በኋላም በአነስተኛ በጀት መሥራትን አልናቀም። የካትሪን ሃርድዊክን «ሰርቲን» (2003) የቀረጸው በሱፐር 16 ፊልም፣ ካሜራውን በአብዛኛው በእጅ በመያዝ ነበር። ከዚህችው አዘጋጅ ጋር በ2008 የሠራው «ትዋይላይት» በዓለም ሲኒማ ቤቶች ከፍተኛ ገቢ አስገኘ። በ2016 ደግሞ ናት ተርነር በ1831 የመራውን የባሪያዎች አመፅ የሚተርከውን «ዘ በርዝ ኦቭ ኤ ኔሽን» ቀረጸ።

በኢትዮጵያ ማሳ ላይ ያሳለፋቸው ጥቂት ሳምንታት የዚህ ረጅም ጉዞ መጀመሪያ ምዕራፎች ናቸው። የአገራችን የሲኒማ ታሪክ ሲጻፍም የካሜራ ባለሙያው ስም ከአዘጋጁ ስም ጎን ሊሰፍር ይገባዋል።