ባዶ ያልነበረው ጫካ

በ1878 ሞሪስ ቶምፕሰን የሚባል አሜሪካዊ ስለ ቀስት አንድ መጽሐፍ አሳተመ። (ዓመቶቹን ሁሉ የምጽፈው በአውሮፓ አቆጣጠር ነው።) የመጽሐፉ ስም ወደ አማርኛ ቢመለስ «የቀስት አስማት» ይሆናል። ስሙ አያስደንግጣችሁ፤ የሚያወራው ስለ ጥንቆላ ሳይሆን ስለ አደን ነው። ቀስት እንዴት እንደሚያዝ፣ ፍላጻ እንዴት እንደሚለቀቅ፣ ጎሕ ሲቀድ ረግረግ ዳር ትንፋሽን ውጦ መቆም ምን እንደሚመስል ይተርካል። አንባቢው ወደደው። በማግስቱ ዓመት፣ በ1879፣ የአሜሪካ ብሔራዊ የቀስት ማኅበር ኢንዲያና ውስጥ በክሮፈርድስቪል ከተማ ሲቋቋም የመጀመሪያው ፕሬዚዳንት እርሱ ሆነ። በዚያው ዓመት ቺካጎ ላይ በተደረገው የመጀመሪያ ውድድር ያሸነፈው ደግሞ ወንድሙ ዊል ነው። ጠመንጃ በሞላበት አገር ሰው እንደገና ቀስት እንዲያነሣ ያደረገ መጽሐፍ ነው ማለት ይቻላል።

መጽሐፉ ውብ ነው፤ ይህን አልክድም። እኔን ያሳሰበኝ ጫካው ነው። በቶምፕሰን ገጾች ውስጥ ወፉም አጋዘኑም ሞልቷል፤ ምድሩ ግን ከጥንት ጀምሮ አዳኝ ብቻ ሲጠብቅ የኖረ፣ ባለቤት ያልነበረው ይመስላል። በፍሎሪዳ ዱር ስላሳለፋቸው ሦስት ሳምንታት የጻፈው ምዕራፍ ርእሱ ውስጥ «አረመኔ» የሚል ቃል አለበት። ሰሚኖሎች ከዚያው ከፍሎሪዳ በረጅም ጦርነት መባረራቸውን የሚያውቅ አንባቢ እዚህ ቃል ላይ ቆም ማለቱ አይቀርም።

ሁለቱ ወንድማማቾች ያደጉት በሰሜን ጆርጂያ፣ ካልሁን በምትባል ከተማ አካባቢ ባለ እርሻ ነው። አባታቸው የባፕቲስት ሰባኪ ነበሩ። ጦርነቱ ሲመጣ ልጆቹ ለደቡቡ ጦር ተሰለፉ፤ ይኸውም ባርነትን ለማቆየት የተነሣው ወገን ነው፣ አለሳልሰን ልናልፈው አይገባም። በ1865 ደቡቡ ተሸነፈ፤ እነርሱም ወደዚያው ጫካ ተመልሰው ቀስታቸውን አነሡ።

እንግዲህ ከካልሁን ጥቂት ኪሎ ሜትር ራቅ ብሎ፣ ሁለት ወንዞች በሚገናኙበት ስፍራ፣ ኒው ኢቾታ የምትባል ከተማ ነበረች። የቼሮኪ ሕዝብ ዋና ከተማ ናት። ምክር ቤት ነበራት፣ ፍርድ ቤት ነበራት፣ ማተሚያ ቤትም ነበራት። ሴኮያ የሚባል ቼሮኪ ለሕዝቡ ፊደል ፈጥሮለት ነበር፤ ፊደሉም እንደ እኛው አንዱ ምልክት ተነባቢውንና አናባቢውን አንድ ላይ የሚይዝ ነው። በዚህ ፊደል ከ1828 ጀምሮ ጋዜጣ ወጣ። ሚስዮናዊው ሳሙኤል ዎርስተርና ቼሮኪው ጋዜጠኛ ኤልያስ ቡዲኖት አብረው መዝሙርና የማቴዎስን ወንጌል ተርጉመው እዚያው አሳተሙ።

ጆርጂያ ግን ምድሩን ፈለገችው፤ በአካባቢው ወርቅ ከተገኘ ወዲያ ደግሞ ይበልጥ ፈለገችው። በቼሮኪ ምድር የሚኖር ነጭ ሁሉ ለጆርጂያ መንግሥት ምሎ ፈቃድ እንዲያወጣ ሕግ ወጣ። ዎርስተር አልምልም አለ። በ1831 አራት ዓመት ከከባድ ሥራ ጋር ተፈርዶበት ወኅኒ ወረደ። በ1832 የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ለእርሱ ፈረደ፤ ጆርጂያ ግን ፍርዱን ከቁም ነገር ሳትቆጥረው እስከ 1833 መጀመሪያ ድረስ አሰረችው። በ1838 ወታደሮች ቼሮኪዎችን ከየቤታቸው አውጥተው በየሰፈሩ አጎሩና ወደ ምዕራብ ነዷቸው። በግምት 4,000 ያህሉ በየሰፈሩና በመንገድ ላይ ሞቱ። ኒው ኢቾታ ታርሳ ማሳ ሆነች።

የቶምፕሰን ልጆች ቀስት ይዘው በዚያ አገር ሲሮጡ ይህ ሁሉ ከሆነ ሃያ ዓመት እንኳ አልሞላውም ነበር። አክዓብም ወደ ናቡቴ የወይን ቦታ ሲወርድ ቦታው ጸጥ ያለ ነበር።

ቀስት የሚወዱ ሁሉ ከቶምፕሰን ቀጥለው የሚያነሡት ሌላ መጽሐፍ አለ፤ በ1923 የታተመው የሳክስተን ፖፕ ነው። ፖፕ በሳን ፍራንሲስኮ የዩኒቨርሲቲ ቀዶ ሐኪም ነበር። ስለ ድብ አደን የጻፋቸው ምዕራፎች እኔን አድክመውኛል። የመጀመሪያው ምዕራፍ ግን ከቶምፕሰን ይለየዋል፤ ስለ እንጨትና ስለ አውታር ከመናገሩ በፊት ስለ አንድ ሰው ይናገራል።

ሰውየው በነሐሴ 1911 ካሊፎርኒያ ውስጥ ኦሮቪል ከተማ አጠገብ፣ በአንድ ቄራ ግቢ፣ ተርቦና ከስቶ ተገኘ። ቋንቋውን የሚያውቅ ሰው አልነበረም። ያሂ ከሚባለው ወገን የቀረው እርሱ ብቻ ነበር። በ1848 ካሊፎርኒያ ውስጥ ወርቅ ሲገኝ በዚያ የነበረው ነባር ሕዝብ በግምት 150,000 ነበር፤ በ1870 ግን 30,000 ያህል ብቻ ቀርቶ ነበር። በሽታም ረኃብም ገድሏል፤ ነገር ግን የታጠቁ ሰፋሪዎችም እየዞሩ ገድለዋል፣ መንግሥትም ለዘመቻው ገንዘብ ከፍሏል። የመጀመሪያው የግዛቲቱ ገዥ ፒተር በርኔት በ1851 ለምክር ቤቱ ሲናገር ይህ ጦርነት ነባሩ ዘር እስኪጠፋ ድረስ እንደሚቀጥል ገልጾ ነበር። ከያሂዎች የተረፉት ጥቂቶች ዐርባ ዓመት ያህል በገደል ውስጥ ተደብቀው ኖሩ። በ1908 የግድብ ቦታ የሚቀይሱ ሰዎች መደበቂያቸውን አገኙትና ቀስታቸውን፣ ቅርጫታቸውን፣ ብርድ ልብሳቸውን ሳይቀር ይዘው ሄዱ።

የሙዚየሙ ሰዎች ሰውየውን ወደ ሳን ፍራንሲስኮ አመጡት። ስሙን ሲጠይቁት አልተናገረም። በያሂ ባህል ሰው ስሙን ራሱ አይናገርም፤ የሚያውቀው ወገን ነው የሚያስተዋውቀው። የሚያስተዋውቀው ወገን ደግሞ አልነበረውም። ስለዚህ «ኢሺ» አሉት፤ በቋንቋው «ሰው» ማለት ነው።

ሐኪሙ ፖፕ ወዳጅ ሆነው፣ ቀስትም ተማረበት። ኢሺ የተራራ ጥድ ፈልፍሎ፣ ጀርባው ላይ የአጋዘን ጅማት በዓሣ ቆዳ ሙጫ እየለጠፈ ቀስት ይሠራል። ባልጩትን በአጋዘን ቀንድ ጫፍ እየጫነ እየሸረፈ የፍላጻ ራስ ያወጣል፤ ባልጩት ሲያጣ የጠርሙስ ስባሪም ይበቃዋል። በዒላማ ውድድር ብዙም አልነበረም። አደን ላይ ግን ቁጢጥ ብሎ፣ ቀስቱን አጋድሞ ይዞ፣ አውሬውን በድምፅ እየጠራ እስኪቀርበው ይጠብቃል። በ1914 ከእነ ፖፕ ጋር ወደ ተወለደበት ሸለቆ ተመልሶ ዋሻውን፣ የማደኛ ስፍራውን፣ ወገኖቹ የሞቱበትን ቦታ አሳያቸው። ፖፕ ይህን ካየ በኋላ ጫካውን ባለቤት የሌለው አድርጎ መጻፍ የሚችል አይመስለኝም።

ኢሺ በመጋቢት 1916 በሳንባ ነቀርሳ ሞተ። አስከሬኑ እንዳይቆረጥ ወዳጁ አልፍሬድ ክሮበር ከኒው ዮርክ ደብዳቤ ጽፎ ነበር፤ ደብዳቤው ዘገየ። አእምሮውን አውጥተው በኋላ ዋሽንግተን ወዳለው የስሚዝሶኒያን ተቋም ላኩት። ቀሪው አካሉ ከአንድ ቀስትና ከአምስት ፍላጻዎች ጋር ተቃጠለ።

ከ80 ዓመት በላይ ካለፈ በኋላ፣ በ2000፣ ዘመዶቹ ናቸው የተባሉት የሬዲንግ ራንቸሪያና የፒት ሪቨር ሰዎች አእምሮውንም አመዱንም ተረክበው በአገሩ ቀበሩት። የቀበሩበትን ስፍራ ለማንም አልተናገሩም።