በአራት ዓመት አንዴ የምትመጣዋ ራይሳ

ዛሬ ከበረዶ አገር አንዲት ሴት ይዤላችሁ መጥቻለሁ። የምጠራው ዘመን በፈረንጆች አቆጣጠር ነው፤ የዚህች ሴት ነገር ገና ከጠዋቱ ከእነሱ ቀን መቁጠሪያ ጋር የተጠላለፈ ነውና።

ራይሳ ስሜታኒና የተወለደችው ፌብሩዋሪ 29 ቀን 1952 ነው። ፈረንጅ ይህን ቀን የሚያየው እኛ ጳጉሜ 6ን እንደምናያት ነው፤ በአራት ዓመት አንዴ። በእኛ ስንመልሰው የካቲት 21 ቀን 1944 ዓ.ም. ይሆናል። እዚህ ተወልዳ ቢሆን የካቲት ማርያም በመጣች ቁጥር ልደቷ ይታሰብላት ነበር። እሷ ግን የተወለደችው ከሩሲያ ሰሜን፣ ኢዥማ በሚባል ወንዝ ዳር፣ ሞኽቻ ከምትባል መንደር ነው። አገሩ ኮሚ ይባላል። ሕዝቡም ኮሚ ነው፤ ቋንቋው ከሩሲያኛ ይልቅ ለፊንላንድኛ ይዛመዳል፤ የኢዥማ ኮሚዎች ደግሞ በአጋዘን እርባታ የታወቁ ናቸው። ክረምቱ ረጅም፣ በረዶው ጥልቅ ነው። እዚያ አገር ስኪ ስፖርት ከመሆኑ በፊት መሄጃ ነበር።

አሁን ይህን ልብ በሉልኝ። ራይሳ ከመወለዷ ስድስት ቀን ቀደም ብሎ፣ ፌብሩዋሪ 23፣ በኦስሎ ከተማ የክረምት ኦሎምፒክ እየተካሄደ ነበር። በዚያች ቀን ሴቶች በኦሎምፒክ ታሪክ ለመጀመሪያ ጊዜ በአገር አቋራጭ ስኪ ተወዳደሩ። ርቀቱ 10 ኪሎ ሜትር፣ ውድድሩም እሱ ብቻ! ፊንላንዳዊቷ ሊዲያ ቪደማን አሸነፈች፤ ሁለተኛና ሦስተኛም ፊንላንዳውያን ሆኑ። ሶቪየት ኅብረት ገና አልመጣችም፤ ወደ ክረምት ኦሎምፒክ ብቅ ያለችው በ1956 ነው። እንግዲህ የሴቶቹ የኦሎምፒክ ውድድርና ልጅቷ በአንድ ሳምንት ውስጥ ዓለምን ተቀላቀሉ ማለት ነው። ፊንላንዶቹንም አትርሷቸው፤ ወደፊት ይመጣሉ።

አገር አቋራጭ ስኪ ስል ከተራራ አናት ቁልቁል የሚወረወሩበትን አይነት አይደለም። ይህ ሽቅብም፣ ሜዳም፣ ቁልቁልም በራስ ጉልበትና ሳንባ የሚኬድበት ነው። የእኛው ሮቤል ተክለማርያም በ2006 ቱሪን ላይ ኢትዮጵያን ወክሎ የተወዳደረውም በዚሁ ነው። በረዶው ላይ ሁለት መስመር ተቦርቡሮ ይጠብቃል። ሯጩ ሁለቱን ስኪ በሁለቱ መስመር ያስገባል፤ በአንዱ እግር ወደ ታች ረግጦ ይገፋል፣ በሌላው ይንሸራተታል፤ በእጆቹ የያዛቸውን ዘንጎች ይተክላል፣ ይነቅላል። የስኪው ሆድ ሰም ይቀባል። ሰሙ ከዕለቱ በረዶ ጋር ካልተስማማ ጉድ ነው፤ ወይ ዳገት ላይ እግር ወደ ኋላ ይከዳል፣ ወይ በረዶው ከሥር ተለጥፎ አላስኬድ ይላል።

በዚያን ዘመን ደግሞ በግል ውድድር ሁሉም በአንድ ጥይት አይነሱም ነበር። አንዷ ትነሳለች፤ ግማሽ ደቂቃ ቆይቶ ሌላዋ ትነሳለች። ተቀናቃኝሽ ወይ ከፊትሽ በጫካው ውስጥ ናት፣ ወይ ከኋላሽ ናት፣ ወይ ገና ሰልፍ ላይ ናት። የምትታገይው ከሰዓት ጋር ብቻ ነው። ከመንገዱ ዳር የቆመ አሠልጣኝ «በሁለት ሰከንድ ትመሪያለሽ»፣ «በአንድ ሰከንድ ወደ ኋላ ቀርተሻል» እያለ ሲጮህ ትሰሚያለሽ። ሌላ ወሬ የለም።

በዚህ ስፖርት ነው እንግዲህ ራይሳ በ1974 ፋሉን፣ ስዊድን ውስጥ፣ ገና 22 ዓመት ሳይሞላት ከአገሯ ልጆች ጋር የዓለም ሻምፒዮናውን የዱላ ቅብብል ወርቅ የወሰደችው። ዱላ ቅብብል እንበለው እንጂ ዱላ የለውም፤ የደረሰችው የምትነሳዋን በእጇ ነካ አድርጋ ትለቃታለች። በቡድኑ ውስጥ ንግሥቲቱ ራይሳ አልነበረችም። ንግሥቲቱ ጋሊና ኩላኮቫ ነበረች፤ በ1972 ሳፖሮ ላይ ሦስት ወርቅ ጠራርጋ የወሰደች።

1976 መጣ። ኦሎምፒኩ ኢንስብሩክ፣ ስኪው ደግሞ ሴፌልድ በምትባል የኦስትሪያ ደጋ ላይ። ፌብሩዋሪ 7 የ5 ኪሎ ሜትር ቀን ነው። ከፊንላንዶቹ ሄሌና ታካሎ የምትባል ብርቱ ሴት ተነሳች። ሰዓቷ 15 ደቂቃ ከ48.69 ሰከንድ። ራይሳ ስትገባ 15 ደቂቃ ከ49.73! በአንድ ሰከንድ ተበለጠች። አምስት ኪሎ ሜትር ሙሉ ተለፍቶ አንድ ሰከንድ! እስቲ የት ነው የጠፋችው? ዳገቱ ላይ አንዴ ስኪው ሸርተት ሲል? ኩርባው ላይ አንድ ዘንግ ሲዘገይ? እንዲህ አይነቱ ሰከንድ ሰው እንቅልፍ የሚያሳጣ ነው።

በዚያው ውድድር ሦስተኛ የገባችው ኩላኮቫ ነበረች። ግን ለአፍንጫዋ የተጠቀመችበት የሚረጭ መድኃኒት ኤፌድሪን ነበረበትና ነሐሷ ተነጥቆ ለሌላዋ የቡድኗ ልጅ ለኒና ባልዲቼቫ ተሰጠ። በቀሩት ውድድሮች እንድትሳተፍ ግን ተፈቀደላት። የሶቪየቶቹ ሰፈር በዚያ ሳምንት ምን ይመስል እንደነበር አስቡት፤ ንግሥቲቱ አንገቷን ደፍታ፣ ታናሺቱ በአንድ ሰከንድ ተሸንፋ።

ሦስት ቀን አለፈ። ፌብሩዋሪ 10፣ 10 ኪሎ ሜትር። ያችው ታካሎ፣ ያችው ራይሳ። ታካሎ 30 ደቂቃ ከ14.28። ራይሳ 30 ደቂቃ ከ13.41! ከአንድ ሰከንድ ባነሰ፣ በ0.87 አሸነፈች። የጠፋችውን ሰከንድ ከነባለቤቷ አገኘቻት ብል ምን አለበት? ኩላኮቫም ሦስተኛ ሆና ነሐስ አገኘች፤ ይህኛውን የነጠቃት የለም። ከሁለት ቀን በኋላ ባልዲቼቫ፣ አሞሶቫ፣ ስሜታኒና እና ኩላኮቫ ተያይዘው ዱላ ቅብብሉን አሸነፉ፤ ፊንላንዶቹ ሁለተኛ ሆኑ።

የ1980ውን ሌክ ፕላሲድ በአጭሩ ልለፈው። አሜሪካ ምድር ላይ፣ በአፍጋኒስታን ሰበብ ሁለቱ ኃያላን በተፋጠጡበት ወር፣ ራይሳ 5 ኪሎ ሜትሩን በአምስት ሰከንድ ልዩነት ወሰደች። በ10 ኪሎ ሜትር አራተኛ ወጣች፤ ምሥራቅ ጀርመኖች በርትተው ነበር፣ በዱላ ቅብብልም ቀድመዋት ብር ላይ ቀረች።

ይልቅ የ1982ቱ ኦስሎ ይሻለኛል። ሴቶች በኦሎምፒክ በጀመሩባት በዚያችው ከተማ፣ ከ30 ዓመት በኋላ፣ የዓለም ሻምፒዮና ነው። ኖርዌያውያን ለስኪ ያላቸውን ፍቅር ያየ ያውቀዋል፤ ተመልካቹ ጫካ ውስጥ ጭምር ተሰልፎ ይጮሃል። የሚጮኸው ደግሞ ለራሱ ልጅ ለበሪት አውንሊ ነው። አውንሊ 5 ኪሎ ሜትሩን አሸነፈች፤ 10ሩንም ደገመች፤ ዱላ ቅብብሉንም ጨመረች። የቀረው 20 ኪሎ ሜትር ብቻ ነው፤ እሱን ራይሳ ወሰደችው፤ አውንሊ ሁለተኛ ሆነች። ራይሳ በዓለም ሻምፒዮና በግሏ ያገኘችው ወርቅ ያ አንዱ ነው፤ ያገኘችውም ሰው ሁሉ ለሌላዋ እየጮኸ ነው።

ከዚያ 1984፣ ሳራዬቮ። ፊንላንዶቹ ተመልሰው መጡ አላልኳችሁም? ማርያ-ሊሳ ሃማላይነን የምትባለው ሴት 5፣ 10 እና 20 ኪሎ ሜትሩን ሁሉንም አሸነፈች። ለሌላው የቀረው ከእሷ ኋላ መሰለፍ ነበር። ራይሳ በ10ሩ በ18.7 ሰከንድ፣ በ20ው በ41.7 ሰከንድ ተበልጣ ሁለቴ ብር ወሰደች። ሶቪየቶች በዱላ ቅብብል አራተኛ ሆነው ከሜዳሊያ ወጡ። በዚያ ዘመን አሠራር ብር ይዞ ወደ ሞስኮ መመለስ ብዙ የሚያስጨበጭብ አልነበረም። እኔ ግን 32 ዓመት ሊሞላት ሲል በሁለት የተለያዩ ርቀቶች ከዚያች ፊንላንዳዊት ቀጥሎ የገባች ሴት ተሸነፈች ለማለት አፌ አይታዘዝልኝም።

ብዙዎች እዚህ ላይ ያቆማሉ። ደግሞም ስፖርቱ ራሱ ከእግሯ ሥር ሊለወጥ ነው። በ80ዎቹ አጋማሽ ሯጮች ከመስመሩ ወጥተው፣ ስኪውን ወደ ጎን እየገፉ፣ በበረዶ ጫማ እንደሚንሸራተት ሰው መሄድ ጀመሩ። ፈጠነ። አሮጌውን አካሄድ ጠራርጎ እንዳያጠፋው የስፖርቱ ኃላፊዎች ውድድሩን ለሁለት ከፈሉት፤ አንዱ ክላሲክ፣ ሌላው ነጻ ስልት። ለልጆቹ ቀላል ነው። ዕድሜ ልኩን ቀጥ ባለ መስመር የሄደ ሰው ግን ዳሌውን፣ ጉልበቱን፣ እጁን እንደገና ማስተማር አለበት።

1988፣ ካልጋሪ። ራይሳ 36 ዓመቷ ሊሞላ ነው። በ10 ኪሎ ሜትር ክላሲክ ሊትዌንያዊቷ ቪዳ ቬንሲየኔ በዘጠኝ ሰከንድ ገደማ ቀደመቻትና ብር ወሰደች። ይህስ የራሷ ስልት ነው። የሚገርመው 20 ኪሎ ሜትሩ ነው፤ በአዲሱ ስልት የሚሮጥ። ታማራ ቲኮኖቫ አንደኛ፣ አንፊሳ ሬዝትሶቫ ሁለተኛ፣ ሦስተኛዋስ? ራይሳ! ከሁለት ታናናሾቿ ጋር በሰው አገር ሩጫ መድረክ ላይ ወጣች። በነጻ ስልት ለተሮጠው ዱላ ቅብብል ግን አልተሰለፈችም፤ ወርቁን አራት ሌሎች ልጆች ወሰዱት። በዚያን ጊዜ ዘጠኝ ሜዳሊያ ነበራት፤ በክረምት ኦሎምፒክ ከዚያ በፊት ዘጠኝ የደረሰ አንድ ሰው ብቻ ነው፤ ስዊድናዊው ሲክስተን የርንበሪ።

ከካልጋሪ እስከሚቀጥለው ኦሎምፒክ ባሉት አራት ዓመታት የፈረሰውን አስቡ። የበርሊን ግንብ ፈረሰ። ዲሴምበር 1991 ሶቪየት ኅብረት ራሷ አበቃላት። ካልጋሪ ላይ ራይሳን ቀድማ ለሶቪየት ወርቅ ያመጣችው ቬንሲየኔ በ1992 አልበርቪል ላይ ስትመጣ ለገዛ አገሯ ለሊትዌኒያ ነበር። የእነ ራይሳ ቡድን ስሙ «የተባበረው ቡድን» ተባለ፤ ባንዲራው የኦሎምፒክ ባንዲራ፣ መዝሙሩም የኦሎምፒክ መዝሙር።

አገር ፈርሶ ራይሳ ግን አለች። በ15 ኪሎ ሜትር ክላሲክ አራተኛ ወጣች፤ መድረኩ ለጥቂት አመለጣት። ከዚያ ፌብሩዋሪ 17፣ ሌ ሴዚ በሚባለው የፈረንሳይ ተራራ ላይ ዱላ ቅብብሉ ደረሰ። በዚህ ጊዜ ሕጉ የመጀመሪያዎቹ ሁለት ሯጮች በክላሲክ፣ የኋለኞቹ ሁለት በነጻ ስልት እንዲሮጡ ነበር። የሌና ቪያልቤ ጀመረች። ሁለተኛዋ ራይሳ፣ በአሮጌው መስመሯ። አምስት ኪሎ ሜትር ሄዳ ላሪሳ ላዙቲናን ነካች፤ ላዙቲና ልዩቦቭ የጎሮቫን ነካች። ኖርዌይን በ21.6 ሰከንድ ቀድመው ገቡ። ወርቅ! አሥረኛ ሜዳሊያ፣ በአምስት ተከታታይ ኦሎምፒክ፣ አርባ ሊሞላት 12 ቀን ሲቀራት። በክረምት ኦሎምፒክ አሥር የደረሰ ከእሷ በፊት ማንም አልነበረም።

የቀን መቁጠሪያውን ነገር እዚህ ላይ ልጨርሰው። እስከዚያ ዓመት ድረስ የክረምት ኦሎምፒክ የሚውለው ፌብሩዋሪ 29 በሚኖርበት ዓመት ነበር፤ ራይሳ በኦሎምፒክ በወጣች ዓመት ሁሉ እውነተኛ ልደቷ ይመጣል። ከአልበርቪል በኋላ አሠራሩ ተቀየረና የክረምቱ ከበጋው ተለይቶ በ1994 ሊሌሃመር ላይ ሆነ። በዚያ ዓመት 29 የለም። ራይሳም አልነበረችም።

አሁን አንዳንዱ ይነሳና «ወርቋ አራት ብቻ አይደለም ወይ? በዚያ በአልበርቪል ቡድን ውስጥ የነበረችው የጎሮቫ ስድስት ወርቅ አላት» ይለኛል። እውነት ነው። በአሥሩም ብዛት ቢሆን ጣሊያናዊቷ ስቴፋኒያ ቤልሞንዶ በ2002 ደርሳባታለች፤ ኖርዌያዊቷ ማሪት ቢዮርገን በ2018 አሥራ አምስት አድርሳዋለች። በራይሳ ስም የተሰየመው የስኪ ማዕከል ቪልጎርት፣ ከኮሚ ዋና ከተማ ከሲክቲቭካር አጠገብ ነው፤ እዚያ የሚሮጡ ልጆችም ይህን ቁጥር በልባቸው ያውቁታል ብዬ እገምታለሁ። ግን ቁጥር የሚቆጥር ሰው ሁለቱንም ወገን ይቁጠር። ቢዮርገን በ2010 ቫንኩቨር ላይ አምስት ሜዳሊያ ስትወስድ ለሴቶች የተዘጋጀው ውድድር ስድስት ነበር። ራይሳ በ1976 ሴፌልድ ላይ የመጀመሪያዎቹን ሦስት ስትወስድ የነበረው ውድድር ሦስት ብቻ ነበር፤ 5 ኪሎ ሜትር፣ 10 ኪሎ ሜትር እና ዱላ ቅብብል።