ነሲቡ መስቀሎ (አፈ ንጉሥ)

አፈ ንጉሥ ነሲቡ መስቀሎ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የአገሪቱ ከፍተኛ ዳኛ፣ በኋላም የመጀመሪያው የፍርድ ሚኒስትር ነበሩ። ምኒልክ በጥቅምት 1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮችን ሲሾሙ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ጦሩን፣ አፈ ንጉሥ ነሲቡ ፍርዱን ያዙ።

አፈ ንጉሥ የሚለው ማዕረግ «የንጉሥ አፍ» ማለት ነው። አፈ ንጉሥን የሚሾመው ንጉሠ ነገሥቱ ነበር። ከአፈ ንጉሡ በላይ የነበረው የንጉሠ ነገሥቱ የዙፋን ችሎት ብቻ ነበር።

የዳኝነት ሥርዓቱ መነሻ ግን መንገድ ዳር ነበር። በጎጃም የደምበጫ ገበሬ በድንበር ወይም በከብት ቢጣላ፣ ባላጋራውን በንጉሥ ስም አስምሎ ያቆመው ነበር፤ አላፊ አግዳሚውም ዳኛ ይሆን ነበር። እዚያ ካልተቋጨ ከሳሽና ተከሳሽ የነጠላቸውን ጫፍ ለጫፍ ቋጥረው፣ ተቆራኝተው ወደ ሹም ይሄዱ ነበር። ሙግቱ ተጠየቅ በሚባለው ሥርዓት ነበር፤ ዘንግ ይዘው፣ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ በቅኔና በተረት እያዋዙ ይሟገቱ ነበር። በከባዱ ጉዳይ የሕግ መጽሐፉ ፍትሐ ነገሥት ይጠቀስ ነበር።

ፍርዱ ያላረካው ይግባኝ ይል ነበር። ጎጃሜ ባለጉዳይ ስንቁን ቋጥሮ የዐባይን በረሃ ተሻግሮ ከ300 ኪሎ ሜትር በላይ ተጉዞ አዲስ አበባ፣ አፈ ንጉሡ ዘንድ ይደርስ ነበር።

አፈ ንጉሥ ነሲቡ ሚኒስትር ከሆኑ በኋላ ብዙ ሳይቆዩ ዐረፉ።