ራይት የተባለው የእንግሊዞች ስም

በእንግሊዝ አገር እጅግ ከተለመዱት የቤተሰብ ስሞች አንዱ የሆነው «ራይት» ለእኛ ለመሐንዲሶች ባዕድ ሊሆን አይገባውም። በጥንታዊው እንግሊዝኛ ሠሪ፣ በተለይም እንጨት ጠርቦ የሚገጥም ባለእጅ ማለት ነበር።

እንግሊዞች ጥንት በአንድ ስም ብቻ ይጠሩ ነበር። ከ1066ቱ የኖርማኖች ወረራ በኋላ (ዘመኑ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው) በባለርስቶች ዘንድ የተጀመረው የሚወረስ ስም እስከ 14ኛው መቶ ዓመት ድረስ ወደ ተራው ሕዝብ ወረደ። ግብር ጸሐፊው በአንድ መንደር የሚኖሩትን ጆኖች የሚለይበት አንዱ መንገድ ሥራቸው ነበርና፣ ጋሪ ሠሪው ካርትራይት፣ መንኮራኩር ሠሪው ዊልራይት፣ ሣጥን ሠሪው አርክራይት ተባለ። ልጁም እንደ እኛ አገር የአባቱን የግል ስም ሳይሆን የአባቱን ሙያ ይዞ ቀረ፤ ሙያውን ባይሠራበትም እንኳ።

በ1785 ለመሸመኛ መኪና የባለቤትነት መብት ያወጣው ኤድመንድ ካርትራይት ቄስ እንጂ ጋሪ ሠሪ አልነበረም። በ1769 ለጥጥ መፍተያ መኪና መብት ያወጣው ሪቻርድ አርክራይትም ሣጥን ሠሪ ሳይሆን ፀጉር አስተካካይና የዊግ ነጋዴ ነበር። መኪናውን በእጁ የሠራለት ጆን ኬይ የተባለ ሰዓት ሠሪ ነው። በጥንቱ ልማድ ቢሆን ኖሮ፣ በእኔ ግምት፣ «ራይት» መባል የሚገባው ኬይ ነበር። በ1785 የአርክራይት ሁለተኛው የባለቤትነት መብት በፍርድ ቤት ሲመረመር ኬይ ቀርቦ መሰከረበት፤ መብቱም ተሰረዘ። በሚቀጥለው ዓመት ግን አርክራይት ከንጉሡ የ«ሰር» ማዕረግ ተቀበለ።